ባለ አንድ ጓንቷ

ፊልሙ አሥራ አንድ ደቂቃ ነው። ምስሉ የጁዲት ነው፣
ድምፁ ግን የኔ ነው።
ከረጅም ዘንግ ጫፍ ማይክሮፎን ሰቅዬ፣
ጆሮዬን ደፍኜ፣ ትንፋሼን ከልክዬ፣
ሴቱባል ወደብ ላይ ሁለት ሳምንት ሙሉ
ስለ አንዲት ሴትዮ የሚሉትን ሁሉ
ቀዳሁት፣ ከነሳሉ።

ሰርዲን ይታሸግበት ከነበረው ቤት ጀርባ ነው የምትኖር።
ማለዳ ማለዳ ዳቦ ልትገዛ
ቁልቁል ትወርዳለች ዘንቢሏን ይዛ፤
ግራ እጇ ባዶ ነው፤
ቀኟ ግን በጓንት፣ በጥቁር ቆዳ፣
ነሐሴም ቢያቃጥል፣ ጥርም ቢነፍስባት፤
እንዲህ አርባ ዓመት ሞላት።

ስምን መልአክ ያወጣል ይባላል፤ ለሷ ግን ያወጣው
ኢዚድሮ ነው፣ ፀጉር አስተካካዩ፤
የደንበኛን አገጭ አረፋ ሲቀባ
«ባለ አንድ ጓንቷ» ብሎ ስሟንም ቀባ።
«የኮሎኔል ውሽማ ነበረች» ይላል ምላጩን እየሳለው፣
«ጣቷ አብጦ አልወልቅ ያላትን ቀለበት ነው የሸሸገችው።»

ፋርማሲስቷ ኤርሜሊንዳ፣ መነጽሯን ጠርጋ፣
«አሲድ ነው» አለችን ድምፅዋን ዝቅ አርጋ፤
«ለባሏ ስትቀምም…» ብላ ተወችው፤
ያቋረጠችውን ካሜራው ጨረሰው።

ሌኦካዲያ ዓሣ ትመትራለች፤ ቢላዋዋ አያርፍም፦
«በዚያ ክፉ ዘመን፣ ለሚስጥር ፖሊሶች
ሰው የጠቆመችበት ጣት ነው፤ እንዴት ታሳየን?»
ጀልባ ጠጋኙ ሽማግሌ፣ ቫሌንቲም፣ መዶሻውን ጣለ፤
«ውሸት! በሰርዲን ሣጥን ሥር ሰው ሸሽጋ
በሌሊት ያሻገረች እሷ ነች፤ ያን እጅ ያቃጠሉት እነሱ ናቸው» አለ።
ተጣሉ።
ጁዲት ደስ አላት። እኔ የድምፁን መጠን ቀነስኩ።

በመጨረሻው ቀን በሩን ከፈተችልን።
ፖስታ ሣጥኗ ላይ ስሟ ተጽፎ ነበር፣
ቆሞ ያነበበው የለም እንጂ፦ ፍሎሪፔስ።
ወንበር አቀረበች። ደረቅ ብስኩት ሰጠችን።
ጁዲት ዙሪያውን ስትዞር፣ ስትዞር፣ ሳትደፍር፣
«ጓንቱን ነው?» አለችና
ሳበችው፣ ጣት በጣት።

ዓይኔ ከድምፅ መለኪያው መርፌ ላይ ነበረ፤
የሰማሁት የቆዳ ሲጥታ ነው፣
እርጥብ ገመድ ምሰሶ ላይ ሲጠብቅ እንደሚያሰማው።
ከዚያ ጸጥታ።
ቀና ስል፣ እጅ ነው።
ጠባሳ የለው፣ ቀለበት የለው፣
ፀሐይ ስላጣ ብቻ ነጣ ያለ፣
እንደ ማንም እጅ።

«ታዲያ ለምን?»
«ይበርደዋላ።»
«ግራውስ?»
«የግራው ጓንት ጠፋብኝ። አውቶቡስ ላይ ረሳሁት፣ እዚህ በመጣሁ በወሩ።
ይሄ ደግሞ ደህና ቆዳ ነው፤ እንዴት ልጣለው?
ያኔ ሲጠይቁኝ ነግሬያቸው ነበር። ሳቁ።
እየጠየቁኝ ከረሙና
ኋላ ለኔው ይነግሩኝ ጀመር።»

ጁዲት ያን እጅ ቆርጣ አወጣችው።
ምስሉን አጨለመች፣ ድምፁን ብቻ ተወች፦
ሲጥ… ሲጥ… ጸጥታ።
«ባሳየው» አለችኝ ሲነጋጋ፣ «እኔም ፊልም የለኝ፣ ሰፈሩም ሴት የለው።»
አልተከራከርኳትም።

በዓሣ አጥማጆች አዳራሽ ማታ ሲታይ፣
ጨለማው ላይ ሲደርስ ሰው ትንፋሹን ዋጠ፤
ኢዚድሮ በክርኑ ጎረቤቱን ነካ፦ «አላልኩህም?»
ኤርሜሊንዳም፣ ሌኦካዲያም፣ ቫሌንቲምም፦ አላልኩም?
ሁሉም ረቱ።
ፍሎሪፔስ ከኋላ ረድፍ ነበረች።
አንድ እጅ አያጨበጭብም ይላሉ፤
እሷ ግን አንዱን በቆዳ፣ አንዱን በሥጋ አጨበጨበች፤
እንደዚያ ያለ የታፈነ ድምፅ ቀድቼ አላውቅም።

ስም ከመቃብር በላይ ይውላል፤
የሷ ግን ገና በቁሟ ከላይዋ ውሏል።

እኔስ? እውነቱ በጆሮዬ አለ፤ ቅጂውም ከመሳቢያዬ።
ሆኖም ባለፈው ኅዳር፣ ከአውቶቡስ መናኸሪያው፣
የጠፉ ዕቃዎች ከሚጠየቁበት ጠባብ መስኮት ፊት
ተሰልፌ ራሴን አገኘሁት።
«ጓንት» አልኩት። «የግራ። ጥቁር ቆዳ። የሴት።»
«መቼ የጠፋ?»
«ከአርባ ዓመት በፊት።»
ሰውየው ሳቀ። እኔም ሳቅሁ።
ግን ከመስኮቱ አልተነሣሁም፤
«ቢሆንም» አልኩት፣ «እስቲ አንዴ እይልኝ።»